በኢንስፔክተሩ በር ላይ የታሰረው ሙክት

«ሙክቱን ያሰሩት እርስዎ ነዎት እንዴ፣ ጋሽ ጀንበሬ?» አለችው ፋኢዛ፣ ሰላምታውን እንኳን ሳታስጨርሰው።

ጀንበሬ የሻይ ብርጭቆውን አፉ ጋ እንዳደረሰ ቀረ። የተቀመጠው ከጅቡቲ አሮጌው ባቡር ጣቢያ ግንብ ሥር ነው። በዚያ ሰዓት ጥላ ያለው እዚያ ጥግ ብቻ ስለሆነ ሾፌሩም፣ ሻይ ሻጯም፣ ድመቷም ግንቡን ተደግፈው ተኮልኩለዋል። ልጅቷ ዶሴዋን እንደ ጃንጥላ አናቷ ላይ ይዛ ስታልፍ ነው ድንገት ዓይን ለዓይን የተጋጩት።

«የምን ሙክት?»

«ራሱ ጥቁር፣ ገላው ነጭ። ከባልባላ ገበያ የተገዛው። የጤና ተቆጣጣሪው ኢንስፔክተር ቤት በር ላይ ታስሮ የተገኘው።»

«እኔ ምን አውቄ! በዚህ ከተማ በግ ሁሉ ራሱ ጥቁር ነው።» ብርጭቆውን መሬት አስቀመጠ። «ደሞ አንቺ የድሬ ልጅ አይደለሽ እንዴ? ድሬ ከመቼ ወዲህ ነው ሰው አንቱ ማለት የጀመረችው? አንቱ ካልሽኝማ ነገር አለ።»

«ነገርማ አለ» አለችና አጠገቡ ድንጋዩ ላይ ቁጭ አለች። «ከፍርድ ቤት ነው የመጣሁት። የኢንስፔክተሩ ዘበኛ ቃሉን ሲሰጥ ምን ቢል ጥሩ ነው? ‹ሦስት የሐበሻ ሾፌሮች ናቸው፤ አንደኛው ሽበታም ነው፣ ቀይ ቆብ አድርጓል።›»

ጀንበሬ እጁን ወደ አናቱ ላከ። ቀዩ ቆብ እዚያው ነው። አውልቆ ጉልበቱ ላይ አደረገው። ጉልበቱም ላይ ሆኖ ያው ቀይ መሆኑን ሲያይ ተቀመጠበት።

ፋኢዛን ከልጅነቷ ያውቃታል። እናቷ የውብዳር ከድሬዳዋ መጥታ ካርቲዬ ዱ በሚባለው ሰፈር ምግብ ቤት አላት፤ ወደብ ገብቶ ለመጫን ተራ የሚጠብቅ የኢትዮጵያ ሾፌር ሁሉ ሽሮውን የሚበላው እዚያ ነው። ልጅቷ ሕግ ተምራ አሁን ሜትር ሐዲጃ ቢሮ ትሠራለች፤ እዚህ አገር ጠበቃን «ሜትር» ነው የሚሉት። ሜትር ሐዲጃ ደግሞ የዶክተር ሱፊያን ጠበቃ ናት። ዶክተር ሱፊያንን የማያውቅ ሾፌር እንግዲህ ከሰማይ ዱብ ያለ መሆን አለበት።

ላላወቀ ግን ይነገረው። ዶክተሩ ሃያብለ በሚባለው ሰፈር፣ ቆርቆሮ ቤቶቹ መሃል፣ አንዲት ክሊኒክ አለችው። የሳምባ ነቀርሳ የያዘው ሾፌር መንግሥት ጤና ጣቢያ ሲሄድ የሚባለው አንድ ነው፤ በየቀኑ ጠዋት እየመጣህ ነርስ ፊት ትውጣለህ፣ ለወራት። እስቲ ፍረዱ፣ ሾፌር እንዴት አድርጎ? ዛሬ ጅቡቲ ነው፣ ነገ ጋላፊ ድንበር፣ ከነገ ወዲያ ሚሌ፣ ከዚያ አዋሽ። ዶክተር ሱፊያን ታዲያ አብረው ጭነው አብረው የሚነዱ ሁለት ታካሚዎችን ያጣምራል። መድኃኒቱን ለመንገዱ ያህል ይሰጣቸዋል። አንዱ ሲውጥ ሌላው በስልኩ ይቀርጸዋል፤ ኔትወርክ ያለበት ሲደርሱ ቪዲዮውን ይልኩለታል። ያልላከ ሰው ዳገት ላይም ይሁን ኬላ ላይ ስልኩ ሲጮህ ይውላል። ሾፌሮቹ ዘዴዋን «ጥንድ» ይሏታል።

ይህችን ጥንድ ነው ተቆጣጣሪው መሥሪያ ቤት ባንድ ቀን ብድግ ብሎ ያገዳት። የነቀርሳ መድኃኒት ከጤና ባለሙያ ፊት ውጭ አይዋጥም፤ ለመንገደኛ መስጠትህን አቁም፤ ካላቆምክ ፈቃድህ ይነጠቃል። በቃ። ዶክተሩን ጠርቶ «ምን እየሠራህ ነው?» ያለው የለም። አንዲት ቪዲዮ የከፈተ የለም። ዶክተሩም እገዳው ይነሳልኝ ብሎ መሥሪያ ቤቱን ከሰሰ። ክሱ ጥሩ እየሄደለት ሳለ ነው ያ ሙክት የመጣው።

«እሺ እኔ ነኝ» አለ ጀንበሬ፣ ሻይ ሻጯ ወዲያ እስክትዞር ጠብቆ። «አብሮኝ ከሚነዳው ከጫላቸውና ከሌላ አንድ ሾፌር ጋር። ታዲያ ምን አጠፋሁ? ስሚ ልጄ፣ እኛ አገር ሹም የተቆጣበት ሰው ምን ያደርጋል? ደጅ ይጠናል። ሹም ደጅ ደሞ ባዶ እጅ አይኬድም፤ ነውር ነው። ሄድን፣ ሰውየው የለም። ዘበኛው አማርኛ አይችል፣ እኔ ሱማሌኛ አልችል። ‹ዶክተር ሱፊያን፣ ዶክተር ሱፊያን› እያልኩ በጉን አሳየሁት። ማሩት ለማለት ነው እንግዲህ።»

ፋኢዛ ግንባሯን በመዳፏ መታች። «ወይ ጋሽ ጀንበሬ! ዘበኛው የተረዳው ‹በጉን የላከው ዶክተር ሱፊያን ነው› ብሎ ነዋ! ኢንስፔክተሩም ወዲያው ለፍርድ ቤቱ ጻፈ፤ ‹ሐኪሙ በሾፌሮች እጅ ጉቦ ላከብኝ› ብሎ። አሁን ክሱ ስለ ጥንድ መሆኑ ቀርቶ ስለ በግ ሆኗል።»

«ጉቦ?» ጀንበሬ ከመነሳቱ ቆቡ መሬት ወደቀ። «ጉቦ በጨለማ ነው የሚሰጥ! እኔ በጠራራ ፀሐይ፣ ሰው እያየኝ፣ በግ እየጎተትኩ፣ በዋናው አስፋልት ነው የሄድኩት! ልመና እንጂ ጉቦ ነው? በጉስ የት ደረሰ?»

«ዘበኛው ‹ማስረጃው በሙቀቱ እንዳይሞት› ብሎ አርዶታል።»

«አየሽ! የበላው እሱ፣ ጉቦኛው ሱፊያን!»

እንዲህ ተናዶ ትንሽ ከተንጎራደደ በኋላ ግን ሳሉ መጣ። ፊቱን ወደ ግንቡ አዙሮ፣ አፉን በክንዱ ሸፍኖ ሳለ። ሲመለስ ንዴቱ ወደ ሌላ ሰው ዞሯል።

«መጀመሪያውኑ ጥፋቱ የራሱ የዶክተሩ ነው። ማን ክሰስ አለው? ሰማይ አይታረስ፣ ንጉሥ አይከሰስ። ዝም ብሎ ጎንበስ ብሎ ቢለምን ኖሮ ይህ ሁሉ አይመጣም።»

«ለምኗል እኮ! ደጋግሞ ሄዷል። ኮሪደር ላይ ሲያስቀምጡት ውለው ‹ኃላፊው ስብሰባ ላይ ናቸው› ብለው ይመልሱታል። ደሞስ ማንን ነው የከሰሰው? ንጉሥ የት አለ እዚህ? ቢሮ ነው። ቢሮ ሰው ነው ያለበት፤ ሰው ይሳሳታል።»

«ይሳሳት! የነሱ ስህተት ከኛ እውነት ይበልጣል። የቆየ ያወቀውን ስሚ፤ ከሹም ጋር የተሟገተ ሰው ቢረታ እንኳን ተረቷል።»

«ከበበውንስ ማን ረታው?» አለች ፋኢዛ ቀስ ብላ።

ጀንበሬ ቆቡን ከመሬት አንስቶ ድንጋዩ ላይ ቁጭ አለ። ከበበው ከጅቡቲ እስከ አዋሽ አብሮት የነዳ፣ ከአንድ ድስት የበላ ጓደኛው ነው። ጥንድ ከመጀመሯ በፊት ነው የታመመው። ጤና ጣቢያ ሄዶ «በየቀኑ ና» ሲሉት ጥቂት ቀን ተመላለሰ። ከዚያ ማዳበሪያ የጫነ መርከብ ገባ፣ ተራው ደረሰ፣ ባለመኪናው ደወለ። ከበበው ደግሞ ልጆች አሉት። መድኃኒቱን ለመንገድ ስጡኝ ብሎ ለመነ፤ ደንቡ አይፈቅድም አሉት። ጭኖ ወጣ። ከሚሌ ወዲያ፣ መኪናው ዳር ይዞ ሞተሩ እየሠራ፣ መሪው ላይ እንደተደፋ ሞቶ አገኙት።

«ከበበው እናቴ ቤት ነበር የሚበላው» አለች ልጅቷ። «ጨው በዛ ብሎ የማይጨቃጨቅበት ቀን አልነበረም። ለምኗል እሱም። ጎንበስ ብሎ ለምኗል። ልመናው ምን ሠራለት?»

አይ ይህች ተረት! ንጉሥ አይከሰስ፣ ንጉሥ አይከሰስ እያለች ስንቱን አፉን አስይዛ ቀበረችው! ንጉሡ ከሄደ ስንት ዘመኑ፤ ተረቱ ግን ያው ወንበሩ ላይ ተቀምጦ ይፈርዳል።

«እሱስ» አለ ጀንበሬ ድምፁ ዝግ ብሎ፣ «ኢንስፔክተሩስ ክፉ ሆኖ ነው? መድኃኒቱን ሾፌር መንገድ ላይ ይሸጠዋል ብሎ ይሆናላ የፈራው።»

«ፍርሃቱ ውሸት አይደለም። ሰው ሳሉ ቀለል ሲለው ድኛለሁ ብሎ ካቆመ፣ በሽታው መድኃኒቱን ይለምደዋል። ከዚያ ለሱም ለሌላውም የማይድን ይሆናል። ይህን የሚቆጣጠር መሥሪያ ቤት መኖር አለበት፤ አይኑር ያለ የለም። ግን የፈራ ሰው ይጠይቃል፣ ያያል፣ ይመረምራል። ሳይጠይቅ ሲያግድ፣ ሾፌሩ ነርስ ፊት የሚውጥ ይመስልዎታል? ጨርሶ ይተወዋል እንጂ! እስቲ ይንገሩኝ፣ ወደቡ በር ላይ ተራ የሚያስከብረው ማን ነው?»

«የሾፌሮቹ ኮሚቴ ነዋ።»

«ኮሚቴው ራሱ ተራ የሰበረ ጊዜስ?»

ጀንበሬ ሳይፈልግ ፈገግ አለ። ታሪኩን ታውቀዋለች ማለት ነው፤ እናቷ ቤት ስንቴ አውርቶታል። ተራ አስከባሪው የአማቹን መኪና ከሁሉ አስቀድሞ ስንዴ ሊያስጭን ሲል፣ ሾፌሩን ሁሉ ሰብስቦ በተሳቢ ጥላ ሥር አስቀምጦ የዳኘው ራሱ ጀንበሬ ነው።

«እስከ ዛሬ ሲያየኝ መንገድ ይቀይራል» አለ።

«ያኔ በግ ይዘውለት ሄደዋል?»

«ለሱ? በምን ዕዳዬ!»

«ኮሚቴውስ ፈረሰ?»

«ኧረ ምን ሲባል! ተራችን ተስተካከለ እንጂ። ኮሚቴ ከሌለማ ወደብ በር ላይ እንባላለን።»

«እንግዲህ ሜትር ሐዲጃ የምትለው ይሄንኑ ነው። መሥሪያ ቤቱ ይፍረስ አላለችም። ተራ አስከባሪው ተራ ሰበረ፣ ቁጭ በልና ተጠየቅ ነው ያለችው። ፍርድ ቤት ማለት ያ እርስዎ የተቀመጡበት የተሳቢ ጥላ ነው።»

 ጀንበሬ ሲረታ ልማዱ ነው፣ ይቆጣል።

«እሺ ይሁን! ታዲያ እኔ ምን ልሁን ነው የምትይኝ?»

«ነገ ፍርድ ቤት ቀርበው ‹በጉን ያሰርኩት እኔ ነኝ፤ ዶክተሩ አያውቅም› ይበሉ። ከርስዎ በቀር ይህን ሊል የሚችል የለም።» ትንሽ አመነታች። «ዶክተሩማ እርስዎ መሆንዎን አሁን አውቋል። የዘበኛውን ቃል ስናነብለት ቀይ ቆብ ላይ ስንደርስ ሳቀ። ሜትር ሐዲጃ ‹ስሙን ስጠኝና ልገላግልህ› ብትለው፣ ‹ታካሚዬ ነው፤ የታካሚዬን ስም ፍርድ ቤት ላይ ከዘረገፍኩ ነገ ማን አምኖኝ ይታከማል› አላት። ፈቃዱ ይሄዳል እንጂ አልናገርም ብሏል።»

ጀንበሬ መጀመሪያ የሰማው «ታካሚዬ» የምትለዋን ነው። ልጅቷ አውቃለች ማለት ነው። ከዶክተሩና ከጫላቸው በቀር ማንም የማያውቀውን፣ ለሚስቱ እንኳን «ብርድ ነው» ያላትን። ከድንጋዩ ተነስቶ ራቅ አለ።

«ወዲያ በይ ልጄ። አትጠጊኝ።»

«መድኃኒቱን ከጀመሩ ስንት ጊዜዎ ነው?»

«ከፋሲካ በፊት ነው።»

«አክታዎት ተመርምሮ ነጻ ነው ተብሏል?»

«ተብሏል።»

«እንግዲያው ምን ሆኛለሁ ብለው ነው የሚሸሹኝ? መድኃኒቱን በትክክል የሚውጥ ሰው ሳምንታት ሲያልፉት አያስተላልፍም፤ ዶክተሩ ለኛም አስረድቶናል። የሚያስፈራው የሚውጠው አይደለም፣ የሚደብቀው ነው። ይቀመጡ ይልቅ፣ ሻይዎ ቀዘቀዘ።»

አልተቀመጠም። «አንቺ ይታገሱን አታውቂውም» አለ። ይታገሱ አዳማ ያለው ባለመኪናው ነው። «‹ሳምባ የያዘው ሰው ጋቢናዬ ውስጥ አይተኛም› ብሎ አንዱን ሾፌር ከመንገድ አውርዶታል። ነገ ተናግሬ ከነገ ወዲያ ቁልፍ አስረክቤ፣ በዚህ ዕድሜዬ የማን ረዳት ልሁን?»

ፋኢዛ ከድንጋዩ ተነሳች። «በግድ አይደለም» ብቻ አለችው። ዶሴዋን አናቷ ላይ አድርጋ ፀሐዩ ውስጥ ገባች።

ጀንበሬ መኪና ማቆሚያው ሲደርስ ጫላቸው ከመኪናው ሥር ምንጣፍ ዘርግቶ ተኝቷል። ጫላቸው ጥንዱ ነው። በዕድሜ ልጁ ይሆናል፤ አፉ ግን አባቱን ያስንቃል።

«የት ጠፋህ አንተ ሽማግሌ? የሳምንቱ መጨረሻ ተራችን ነው። በግ ልትገዛ ሄደህ እንዳይሆን!»

«ዝም በል። ከኪኒኑ ስንት ቀረህ?»

ጫላቸው ቀልዱን ተወው። ተነስቶ ቁጭ አለ። «ጋላፊን ያሻግረኛል» አለ። «መሄጃ አለኝ። መመለሻ የለኝም።»

ሾፌር ስለ ናፍጣ እንደሚያወራው ነው ያወራው። ጀንበሬ ግን ከሚሌ ወዲያ ዳር ይዞ፣ ሞተሩ እየሠራ የቆመውን መኪና ነው ያየው። የራሱም ኪኒን ከዚያ ብዙም አያልፍም። በግ ጎትቶ ሲሄድ ያተረፈው እንግዲህ ይሄን ነው። የሱንም፣ የጫላቸውንም፣ የዶክተሩንም መመለሻ አጠፋ። በደግ ልቡ፣ በጠራራ ፀሐይ፣ በዋናው አስፋልት!

«ያንን ነጭ ሸሚዝህን አውሰኝ» አለው። «ነገ ጠዋት ጉዳይ አለኝ።»

ፍርድ ቤቱ ውስጥ ማራገቢያው ይጮሃል እንጂ አያቀዘቅዝም። ዳኛዋ ጥቁር ካባ የለበሱ፣ መነጽራም ሴት ናቸው። ፋኢዛ ለማስተርጎም ቃለ መሐላ ፈጽማ ጎኑ ቆመች። ዶክተር ሱፊያን ጀንበሬን ሲያይ አንገቱን ነቀነቀ፤ ተው፣ አያስፈልግም እንደማለት። ጀንበሬ እንዳላየ ሆነ።

«በጉን ማን ላከህ?» አሉ ዳኛዋ።

«ማንም አልላከኝም፣ እመቤቴ። ከኪሴ ነው የገዛሁት። ዶክተሩ ቢያውቅ ኖሮ ጮሆብኝ ነበር።»

«ለምን ወሰድከው?»

«ሰውየውን ልለምነው። እኛ ዘንድ ሹም ደጅ ባዶ እጅ አይኬድም።»

«እዚህ ያ ወንጀል ሊሆን እንደሚችል ታውቃለህ?»

«አሁን አወቅሁ። መጀመሪያውኑ ወደዚህ ቤት ነበር መምጣት የነበረብኝ። በሩ ላይ ፈተሹኝ፤ የፈተሹኝ ግን ምን ይዤ እንደገባሁ ነው፣ ለምን ባዶ እጅህን መጣህ ያለኝ የለም።»

ፋኢዛ ስትተረጉመው ከኋላ ሳቅ ተሰማ። የመሥሪያ ቤቱ ጠበቃ አልሳቀም። ተነሳና፣ «አንድ መንገደኛ ለሐኪም ይህን ያህል የሚደክመው ምን ጥቅም አግኝቶ ነው?» ሲል ጠየቀ።

ፋኢዛ ወደ ጆሮው ጠጋ አለች። «ይህን የመመለስ ግዴታ የለብዎትም።»

«ተርጉሚ ልጄ» አላት ጀንበሬ። «የሳምባ ነቀርሳ አለብኝ። የሚያክመኝ እሱ ነው። ጥቅሜ እስካሁን መተንፈሴ ነው።»

ያኔ ነው አግዳሚው ወንበር የተንቋቋው። ከኋላው የተቀመጡት ሰዎች አንድ ባንድ ወዲያ ፈቀቅ አሉ፤ አንዷ ሻርፗን አፏ ላይ ጎተተች። ሰውየው በአደባባይ እውነት በተናገረባት ቅጽበት ዙሪያው ባዶ ሆነ። ሲደብቅ አብሮት ሻይ የሚጠጣ ሞልቶ ነበር! ታዲያ ለምን አይደበቅ? በሽታውን መንገድ ለመንገድ የሚያዞረው ይህ ፈቀቅታ አይደለም እንዴ?

ከጥጉ አንድ ሰው ተነስቶ መጣና ባዶው ቦታ ላይ ቆመ።

«አንተ ደግሞ ማነህ?» አሉ ዳኛዋ።

«ጥንዱ ነኝ» አለ ጫላቸው። «እኔም አለብኝ። ማስረጃ ከፈለጋችሁ ስልኬ ውስጥ ሞልቷል።»

ዳኛዋ ስልኩን ተቀበሉ። በረሃ፣ የመኪና ጋቢና፣ ጀንበሬ ኪኒን ይዞ። ከዚያ የጫላቸው ድምፅ አዳራሹን ሞላው፤ «ዋጥ! ምላስህን አንሳ! ከሥሩ ደብቀህ ይሆናል፣ አንተ የወሎ ቀጣፊ!»

«ምን እያለው ነው?» አሉ ዳኛዋ።

ፋኢዛ ጉሮሮዋን ጠረገች። «መዋጡን በጥንቃቄ እያረጋገጠ ነው፣ ክብርት ዳኛ።»

ዳኛዋ ሌላ ከፈቱ፣ ሌላም ደገሙ። ከዚያ ስልኩን አስቀምጠው ወደ መሥሪያ ቤቱ ጠበቃ ዞሩ። «እገዳው ከመውጣቱ በፊት መሥሪያ ቤታችሁ ከእነዚህ ስንቱን አየ?»

«ክብርት ዳኛ፣ ደንቡ በግልጽ...»

«ደንቡን አንብቤዋለሁ። የጠየቅኩት ስንቱን አያችሁ ነው።»

ጠበቃው ወረቀቱን አገላበጠ። ኢንስፔክተሩን አየ። ኢንስፔክተሩ ማራገቢያውን አየ። አንድም! እንግዲህ በዚህ ነው የሰው ሳምባ ላይ የተፈረደው። በጉን ለመመዝገብ የፈጠነ ብዕር ቪዲዮ ለመክፈት ጣት አጣ!

ውሳኔው በዚያው ሳምንት ተነበበ። እገዳው ዋናው ክርክር እስኪያልቅ ለጊዜው ተነሳ። መሥሪያ ቤቱ ዶክተሩን ጠርቶ እንዲሰማ፣ ካልተስማማም ምክንያቱን ጽፎ እንዲሰጥ ታዘዘ። ዶክተሩም ግዴታ ገባ፤ ቪዲዮዎቹን የመሥሪያ ቤቱ ነርስ አብራ ታያለች፣ የእያንዳንዱ ታካሚ አክታ በጊዜው ይመረመራል። የበጉ ነገር ከዶክተሩ ጫንቃ ወረደ። ጀንበሬ ተግሳጽ ተሰጠው፤ ፋኢዛ ስትተረጉምለት «ሁለተኛ በግ እንዳታስር» ብላ አሳጠረችው።

ጀንበሬና ጫላቸው የመመለሻቸውን ኪኒን ይዘው ወጡ። እነሱ ብቻ አይደሉም። ክሊኒኳ ደጃፍ ላይ ጀንበሬ ጤነኛ ናቸው ብሎ የሚያስባቸው ሾፌሮች ተሰልፈው አገኛቸው፤ ድሮ ቢሆን እዚያ መታየት ያሳፍራቸው ነበር፣ አሁን ቀና ብለው ሰላም አሉት። ተቆጣጣሪዋ ነርስ ሳትቀር የጫላቸውን ስድብ በጉጉት ትጠብቃለች ይባላል።

ወደቡ በር ላይ፣ ያው የተሳቢ ጥላ ሥር፣ አሁን ሰባኪው ጀንበሬ ነው። «ስሙ! ሳል የያዘው ሰው የጋቢና መስኮት ዘግቶ አይተኛ፤ ሄዶ ይመርመር። የጀመረ ደግሞ ሳሉ ጠፋ ብሎ አያቁም፤ ሳሉ ሲጠፋ በሽታው አድፍጦ ነው። ሹም ሲያግዳችሁ ‹ለምን?› በሉ፤ ካልመለሰ ‹ለምን?› የሚልላችሁ ዳኛ ዘንድ ሂዱ። ቢሮ ጥያቄ እንጂ በግ አይወሰድለትም። ሐኪሙ ቢጠየቅ ይጠነቀቃል፤ ተቆጣጣሪው ቢጠየቅ ያስባል፤ እኛ ብንናገር እንድናለን። ተጠይቆ የፈረሰ ቤት የለም፤ ሳይጠየቅ የገደለ ግን አለ።»

«ንጉሥ አይከሰስ ስትለን የነበርከው አንተ አይደለህም?» ይለዋል ጫላቸው።

«ንጉሡን መች አገኘሁት፤ ያገኘሁት ዘበኛውን ነው።»

እንዲህ እየሳቁ ሳሉ ነው የጀንበሬ ስልክ የጮኸው። ይታገሱ ነበር፣ ከአዳማ።

«ጀንበሬ፣ አንድ ወሬ ሰምቼ ነው። ፍርድ ቤት ቆመህ ነቀርሳ አለብኝ ብለሃል የሚሉት እውነት ነው?»

«እውነት ነው።»

 «ጋቢናዬ ውስጥ?»

«ጋቢናህ ውስጥ። ታክሜ፣ ተመርምሬ፣ የማላስተላልፍ መሆኔ ተረጋግጦ። ሐኪሜን ደውለህ ጠይቀው፣ ይንገርህ ብዬ ፈቅጃለሁ። ስንዴህን ጭኛለሁ። መድኃኒቴ ኪሴ ነው፣ ጥንዴ አጠገቤ ነው። ያን ሾፌር ስታባርረው ሌሎቻችን ምን እንደተማርን ታውቃለህ? መደበቅ። እኔም ደብቄሃለሁ። አሁን አንድ ነገር መልስልኝ፤ የትኛውን ሾፌር ትፈራለህ? የነገረህን ነው የደበቀህን?»

ይታገሱ ረጅም ተነፈሰ። «ላስብበት» ብሎ ዘጋው።

ጀንበሬ ቁልፉን በመዳፉ ይዞ መኪናው ደረጃ ላይ ቆሟል። ከኋላው ያሉት ክላክስ ያደርጋሉ፣ ጫላቸው በመስኮት ይሳደባል፣ የወደቡ በር ተከፍቷል። እናንተስ? መኪናዋ የእናንተ ብትሆን፣ ስልኩ እጃችሁ ላይ ቢሆን፣ ለዚህ ሰው ምን ትሉታላችሁ፤ ንዳ ነው፣ ወይስ ቁልፉን አስረክብ?